ከከረጢቱ ያልወጣው ሰንሰለት

ባለፈው ቅዳሜ አባዬ ሁለት ነጭ ወረቀትና አዲስ እስክሪብቶ ገዝቶ መጣና ከፊቴ ተቀመጠ። ወረቀቶቹ እንዳይታጠፉ በጋዜጣ ጠቅልሏቸው ነበር።

«አስቱ፣ ማመልከቻ ጻፊልኝ» አለኝ። «ቆንጆ አድርገሽ።»

ዘንድሮ አሥራ ሁለተኛ ክፍል ነኝ። ካለፈው ዓመት ወዲህ እስክሪብቶ ስይዝ እጄ አይፈራም። የትምህርት ቤታችን ግድግዳ ላይ ሁለት ጽሑፍ ተለጥፎልኛል፤ ጅማ ቦሳ አዲስ ሰፈር ያሉ ጎረቤቶቻችን ደብዳቤ ሲፈልጉ ወደ እኔ ነው የሚመጡት። አባዬም ቸርች የሚያገኘውን ሰው ሁሉ እያስቆመ «የኔ ልጅ እኮ ጸሐፊ ናት» ይላል። እኔም አላፍርም፤ ደስ ይለኛል። አንድ ዓረፍተ ነገር በትክክል ቦታው ላይ ቁጭ ሲልልኝ ብቻዬን የምስቅ ሰው ነኝ።

ነገሩ እንዲህ ነው። ሊሙ ገነት አካባቢ ያለ አንድ የቡና አምራቾች ማኅበር ያረጁ ቡናዎቹን የሚጎነድልለት የሞተር መጋዝ ባለሙያ ይፈልጋል። አባዬ አራተኛ ክፍል ድረስ ተምሯል፣ ማንበብም ይችላል፤ ፊደሉን ግን ሰው እንዲያይበት አይፈልግም። እሱ ይናገራል፣ እኔ አሳምሬ እጽፋለሁ። «ለብዙ ዓመታት ባካበትኩት ልምድ» ብዬ ስጀምር ዓይኑ በራ። ገጹ ግማሽ ደርሶ ነበር።

«አሁን እንዲህ በይ» አለ። «ከአንድ ማሳ ወደ ሌላ ማሳ ስሻገር ሰንሰለቱን አጥቤ፣ ቀይሬ ነው። ዋናው የሚጠይቁት እሱን ነው።»

እስክሪብቶው እጄ ላይ ቆመ። ቀና ብዬ አየሁት። እሱ በመስኮቱ በኩል ባጃጅ ያለፈ ይመስል ወደ ውጭ ያይ ነበር።

የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ ሳለሁ ነው። አባዬ ከከምባታ ለቡና ለቀማ መጥቶ በዚያው ጅማ የቀረ ሰው ነው። መጋዙን የገዛው ከመንገድ ሥራ ካምፕ ከለቀቀ ሰው ሲሆን ቀለሙ በጊዜው ብርቱካን የነበረ፣ እኔ ሳውቀው ግን የዛገ ጣሳ የሚመስል ነው። ሲነሣ ሰፈሩን ያናውጠዋል። ሰው ይህን መጋዝ ሲያይ ዋናው ነገር ሞተሩ ይመስለዋል፤ ጩኸቱ ነው የሚያታልለው። የሚቆርጠው ግን ሰንሰለቱ ነው። የብስክሌት ሰንሰለት አስቡ፣ ላዩ ላይ ጥርስ የበቀለበት፤ አንዱ ጥርስ ወደ ቀኝ፣ ቀጣዩ ወደ ግራ የሚያይ።

ሰንሰለቱ የእኔ ሥራ ነበር። እንዴት የእኔ እንደሆነ አላስታውስም። አንድ ቀን አባዬ አጠገብ ተቀምጬ ሳይ «ያዢ እስቲ» አለኝ፣ ያዝኩ፣ አልለቀቅሁም። ሁለቱን ብሎን ፈትቼ አወጣዋለሁ። ከመሃሉ የተቆረጠ የዘይት ጣሳ ነበረኝ፤ ላምባ አፈስበትና ሰንሰለቱን እነክረዋለሁ። የዛፍ ሙጫ፣ ሰጋቱራና ዘይት ተደባልቀው ጥርሶቹ መሃል የሚሠሩት ጥቁር ጭቃ አለ፤ ካልተነከረ በቢላም አይለቅም። ቡናችንን ጠጥተን እስክንጨርስ ይነከራል፤ ከዚያ ባረጀ የጥርስ ብሩሽ እያንዳንዱን መገጣጠሚያ እፈትገዋለሁ፣ በጨርቅ አደርቀዋለሁ፣ አጥሩ ላይ ፀሐይ አስመታዋለሁ። ላምባው ፀጉሬ ውስጥ ስለሚቀር ክፍል ስገባ ልጆቹ «ኩራዝ መጣች! መስኮት ክፈቱ!» ይላሉ። እኔም «ጨለማ ውስጥ ስትቀሩ ትፈልጉኛላችሁ» እላቸው ነበር።

ቀጥሎ ሞረድ። ሰንሰለቱ ብረት አጥብቆ የሚይዘው ሞርሳ ላይ ይታሰራል፤ ክቡ ሞረድ ጥርሱ ጉድጓድ ውስጥ ይገባል። ወደ ፊት ብቻ ነው የሚገፋው። ሲመለስ መነሣት አለበት፤ እየጎተቱ ከመለሱት የሳለውን ራሱ ያበላሸዋል። ለእያንዳንዱ ጥርስ ሦስት ጊዜ፣ አይጨመርም፣ አይቀነስም። ወደ ቀኝ የሚያዩት ሲያልቁ ዞሬ ወደ ግራ የሚያዩትን እጀምራለሁ። ከየት እንደጀመርኩ እንዳይጠፋኝ የመጀመሪያውን ጥርስ ቀይ የጥፍር ቀለም እቀባው ነበር። ቀለሙን ከጅማው መርካቶ የገዛሁት ለራሴ ነው፤ እማዬ «በጌታ ቤት እንዲህ ያለ ጥፍር አይገባም» ስትል ሰንሰለቱ ተቀባልኝ። በጅማ ከተማ ጥፍሩን የተቀባ መጋዝ የነበረን እኛ ብቻ ሳንሆን አንቀርም።

ሌሎች መጋዝ ያላቸው ሰዎችም ሰንሰለታቸውን ለአባዬ ያመጡ ጀመር። ሲወስዱ ጥርሱን በአውራ ጣታቸው ዳሰስ አድርገው «አበራ፣ እጅህ ይባረክ፤ ምላጭ ነው ያደረግከው!» ይሉታል። አባዬም «ልምድ ነው» ይላል። እኔ በሩ ላይ ቆሜ፣ ጥፍሬ ሥር ጥቁር ዘይት እንዳለ፣ «ዛሬ ይነግራቸዋል» እላለሁ። ሲሄዱ «ነገ» እላለሁ። አንድም ቀን አልነገራቸውም። አልተቀየምኩትም፤ እንዲያውም በሁለታችን መካከል ያለ ምስጢር አድርጌ ወደድኩት። ልጅ ስትሆን እንዲህ ያለውን ነገር ወደ ጣፋጭ መቀየር አይከብድም።

አሁን ስለ ጉንደላ ልንገራችሁ። ቡና ሲያረጅ ግንዱ ይረዝማል፣ ፍሬው ይመናመናል። ያን ጊዜ ጉልበት እስከሚደርስ ብቻ አስቀርተው በዘንበልታ ይቆርጡታል፤ ዝናብ ሲመጣ ከጉቶው አዲስ ቡቃያ ይወጣል። ባለማሳው ግን ሁለት ሦስት ዓመት ያለ ፍሬ ይቆያል። ስለዚህ አንድ ገበሬ ቡናውን ለመጋዝ ሲሰጥ ቀላል እምነት አይደለም የሚሰጠው። ደግሞ ቡናን ከነቅጠሉ የሚያደርቅ በሽታ አለ፤ በብረት ይተላለፋል። ይህን ለአባዬ የነገረው የወረዳው የግብርና ሠራተኛ ነው፤ ለእኔ የነገረኝ አባዬ ነው። «የታመመ ቡና የነካ ሰንሰለት ጤነኛ ቡና መንካት የለበትም። ትቀይሪያለሽ፣ መጋዙንም በላምባ ታብሺያለሽ» አለኝ። ሁለተኛ ሰንሰለት የገዛነውም ለዚህ ነው። ሕጉ የራሱ ነበር። እኔ አላመጣሁትም።

የካቲት ላይ፣ የመንፈቅ ዓመት ዕረፍት ሆኖ፣ አባዬ ለመጀመሪያ ጊዜ ይዞኝ ወጣ። ሊሙ ገነት ሁለት ሥራ ነበረው፦ ጠዋት የአባ ዱራ ማሳ፣ ከሰዓት በኋላ የአዴ ሳዲያ። እኔ የያዝኩት ከረጢት ነው፤ ውስጡ በንጹህ ጨርቅ የተጠቀለለ፣ ዘይት የጠጣ፣ የተሳለ ሰንሰለትና አንድ ጠርሙስ ላምባ። ሚኒባሱ ውስጥ ከረጢቱን እንደ ሕፃን ጭኔ ላይ አስቀመጥኩት። መንገዱ አቧራ ነው፤ ከጎኔ ያለች ሴት አቮካዶ በማንኪያ እየበላች ግማሹን ሰጠችኝ። ያን ቀን ጠዋት ከእኔ የደላው ሰው አልነበረም።

አባ ዱራ ወፍራም፣ ሳቂታ፣ ዱላውን ከእጁ የማይለይ ሽማግሌ ናቸው። አባዬ የሚጎነደለውን ጨርሶ መጋዙን ሲያጠፋ «ማሎ፣ እባክህ አበራ፣ እነዚያን የደረቁትንም ለማገዶ ጣልልኝ» አሉት። ከማሳው ታች ስምንት የሚሆኑ ቡናዎች ነበሩ። ቅጠላቸው ቡናማ ሆኖ ሳይረግፍ እንደተንጠለጠለ ቀርቷል። አባዬ ቆረጣቸው። እኔ የአንዱን ቅርፊት በጥፍሬ ላጥኩት፤ ከሥሩ እንጨቱ ላይ ጥቁር መስመር አለ። አባዬ ያስተማረኝ ምልክት ነው።

ሠራተኞቹና አባ ዱራ ጥላ ሥር ተቀምጠው የተቀቀለ በቆሎ ይበላሉ። አባዬ መጋዙን ትከሻው ላይ አድርጎ መንገድ ሊጀምር ሲል ከታች ጮህኩ።

«አባዬ! ሰንሰለቱን ሳትቀይር! በሽተኛ ቡና እኮ ነው የቆረጥከው!»

አባ ዱራ በቆሎውን ከአፋቸው አወጡ። «አበራ! አለቃህ ከጅማ መጣች እንዴ?»

«ኧረ ደመወዙን የምትከፍለው እሷ ናት!» አለ አንዱ ሠራተኛ።

«ፈቃድ ጠይቅ አቦ! ሽንት ቤትም በፈቃድ ነው?» አለ ሌላው። ሳቁ ማሳውን ሞላው።

የአባዬ አንገት ላይ ያለው ሥር ተወጠረ። ወደ እኔ መጣና ቀስ ብሎ «ያዢ ከረጢትሽን። ነይ» አለኝ።

ወደ አዴ ሳዲያ ማሳ የግማሽ ሰዓት የእግር መንገድ ነው። ሰዎቹ ከዓይናችን ሲጠፉ «አባዬ፣ አሥር ደቂቃ ነው፤ እኔው እቀይረዋለሁ» አልኩት።

«ዝም በይ። ሰው ፊት አባትሽን አታዢም።»

«አሁን እኮ ሰው የለም።»

መጋዙን ወደ ሌላው ትከሻው አዛውሮ እርምጃውን ፈጠን አደረገ። እኔም ከዚያ ወዲህ በሐሳቤ መቶ ጊዜ ወደዚያች ማሳ ተመልሼ፣ ከታች ከመጮህ ይልቅ ወደ እሱ ሄጄ ጆሮው ላይ በሹክሹክታ ነግሬዋለሁ። እንዲያ ቢሆን ኖሮ ይቀይረው ነበር። አባቴን አውቀዋለሁ። ሰንሰለቱን ሳይቀየር ያስቀረው ስንፍና አይደለም፤ ሳቁ ነው። ከቀየረ የታዘዘ ይመስላል።

አዴ ሳዲያ ባላቸው የሞቱባቸው፣ ቀጭን፣ ፈጣን ሴት ናቸው። እኛ አገር ትልቅ ሴት «አዴ» ትባላለች። ማሳቸው መቶ ሃያ እግር ቡና ነው፤ ባላቸው የተከሉት። ለመጎንደል ሁለት ዓመት እንዳመነቱ ለአባዬ ሲነግሩት ሰማሁ። ጎረቤቶቻቸው ቡናውን ነቅለው ጫት ሲተክሉ እሳቸው «ወላሂ እኔ እያለሁ እዚህ ጫት አይበቅልም» ብለው ምለዋል። እኔን ሲያዩ «ኢንተላ ኮ፣ አንቺም መጣሽ?» ብለው፣ ልጄ ማለታቸው ነው፣ ፊቴን በሁለት እጃቸው ያዙኝ፤ ትኩስ የበቆሎ ቂጣ ላይ ማር አፍስሰው አመጡልኝ። ማሩ ከጫካ የተቆረጠ፣ ሰፈፉ ያልወጣለት ነበር።

የመጀመሪያው ቡና ዘንድ ስንደርስ አባዬ መጋዙን ሊያስነሣ ጎንበስ አለ። አዴ ሳዲያ ግንዱን ዳሰሱትና «ቢስሚላህ» አሉ። ከዚያ፦

«አበራ፣ ብረትህ ንጹህ ነው አይደል?»

«ንጹህ ነው አዴ» አለ አባዬ።

እኔ ሦስት እርምጃ ርቄ ቆሜያለሁ። ከረጢቱ ትከሻዬ ላይ ነው። ንጹሁ ሰንሰለት ከረጢቱ ውስጥ ነው። አፌ በማር ተሞልቷል። መዋጥ ነበረብኝ፣ መናገር ነበረብኝ፤ ዋጥኩና ሌላ ጎረስኩ። ሞተሩ ተነሣ፤ ከዚያ በኋላ ማንም ማንንም አይሰማም። መቶ ሃያውም እስኪያልቅ አዴ ሳዲያ ከኋላ እየተከተሉ እያንዳንዱን ጉቶ ራሱን እንዳመመው ልጅ በመዳፋቸው ይነኩት ነበር።

ሚያዝያ ላይ ቡቃያው ወጣ። አዴ ሳዲያ ለአባዬ ስልክ ደውለው መርቀውታል። እኔም ሰማሁና «እንግዲህ ምንም አልሆነም» ብዬ ዘፈንኩ፤ የቸርች መዝሙር ነው፣ እንደጮህኩት ከሆነ ግን ዘፈንኩ ነው የሚባለው።

ኅዳር ላይ፣ ሌላው ሰው ቀይ ቡና በሚለቅምበት ሰሞን፣ አዴ ሳዲያ ቤታችን መጡ። አልተቀመጡም። ከፌስታል ውስጥ አንድ ቡቃያ አወጡና ጠረጴዛው ላይ አኖሩት። ቅጠሉ ቡናማ ሆኖ ተንጠልጥሏል። ቅርፊቱ ተልጧል፤ ጥቁሩ መስመር ይታያል። የግብርና ሠራተኛው መጥቶ አይቶ ነበር።

«ከስልሳ በላይ ሆኗል» አሉ። «ሌላውም እየተከተለ ነው። የኔ ቡና ይህ በሽታ አልነበረበትም አበራ። ከየት መጣ?»

አባዬ ቡቃያውን አየው። እጁን አየው። ከዚያ ወደ ጓሮ ዞሮ ተጣራ።

«አስቴር! ነይ እዚህ!»

ከሞርሳው ተነሥቼ መጣሁ። ሞረዱ በእጄ ነበር።

«ሰንሰለቱን የምታጥበው፣ የምትሞርደው እሷ ናት» አላቸው። «ሁሉንም እሷ ናት የምትሠራው። ልጅ ናት፣ በደንብ ሳታጥበው ቀርታ ነው። ይቅርታ ጠይቂ።»

ያን ያህል ጊዜ የጠበቅሁት ቃል ነው። ሁሉንም እሷ ናት የምትሠራው። በዚያች ቀን፣ በዚያች ሴት ፊት መጣ።

አባዬን አየሁት። እሱ ቡቃያውን ነው የሚያየው። እማዬ ከጓዳው በር ሆና ከንፈሯን ነክሳ ራሷን ነቀነቀችልኝ፤ እሺ በይ ማለቷ ነው።

«ይቅርታ ያድርጉልኝ አዴ» አልኩ።

አዴ ሳዲያ ቀኝ እጄን ወስደው ገለበጡት፣ ጥፍሬ ሥር ያለውን ጥቁር አዩ፣ አሸተቱት። ላምባ ነው የሸተታቸው። ቢቆጡኝ፣ ቢሰድቡኝ እናገር ነበር ብዬ አስባለሁ። እሳቸው ግን ጣቶቼን አጥፈው እጄን መለሱልኝና «ልጅ ናት፣ ምን ታውቃለች» አሉ። «አላህ ይቅር ይበልሽ ኢንተላ ኮ።» ባልሠራሁት ጥፋት ይቅር ተባልኩ። ማር በልቼ ዝም ያልኩበት ጥፋቴ ግን ይቅር የሚለው አጥቶ ቀረ።

ሲሄዱ እማዬ አጠገቤ ተቀመጠች። «ስሙ ከጠፋ ማን ይጠራዋል? ምን እንበላለን? አንቺ ልጅ ነሽ፣ ይረሳልሻል» አለችኝ። በማግስቱ አባዬ ከመርካቶ ነጭ ሸራ ጫማ ገዝቶልኝ መጣ። አመሰግናለሁ ብዬ ተቀበልኩ። እስኪቀደድ አደረግሁት፤ ምቹ ጫማ ነበር፣ ይሄም ያናድደኛል። ሞረዱን ግን ከዚያ ወዲህ አልነካሁም። ሰዎችም ሰንሰለታቸውን ማምጣት አቆሙ፤ «ለካ የሕፃን እጅ ነበር» አሉ። ምላጭ ነው ያሉትን የሳለው ያው እጅ ነው። ንጹሁን ሰንሰለት በጨርቁ እንደተጠቀለለ አልጋዬ ሥር ገፋሁት፤ አባዬም የት ሄደ ብሎ አልጠየቀኝም።

ከሁለት ዓመት በፊት ከቸርች ኳየር ጋር ሊሙ ገነት ሄጄ ነበር። በዚያ በኩል ስናልፍ የአዴ ሳዲያ ማሳ ከዳር እስከ ዳር ጫት ሆኗል። እሳቸው አጥሩ ላይ ቆመው አዩኝ፣ አወቁኝ። «እጅሽ እንዴት ነው? አሁንስ ታጥቢያለሽ?» ብለው ሳቁ። ተንኮል የሌለው ሳቅ ነው። «አዎ አዴ» አልኳቸው።

እንግዲህ ባለፈው ቅዳሜ እስክሪብቶው እጄ ላይ የቆመው ለዚህ ነው።

የቀረውን ሁሉ ጻፍኩ። «ከሰላምታ ጋር» ድረስ ደረስኩ። ለዚያች ዓረፍተ ነገር ግን አንድ መስመር ባዶ ተውኩላትና ወረቀቱን ወደ አባዬ ገፋሁት።

«ይቺን አንተ ጻፋት።»

«ፊደሌን ታውቂው የለ።»

«ግድ የለም።»

ተነሥቼ ጥቅሉን ከአልጋዬ ሥር አወጣሁና ጠረጴዛው ላይ ፈታሁት። ዘይቱ ደርቆ ቢጫ ሆኗል። ቀዩ ቀለም እንዳለ ነው። አባዬ ልክ ያስተማረኝ ቀን እንዳደረገው አውራ ጣቱን ጥርሱ ላይ አሳለፈ።

«አሁንም ስለት ነው» አለ።

ስለት የሆነውማ ምንም ስላልቆረጠ ነው። እሱ እስክሪብቶውን አነሣ፣ ባዶዋን መስመር ዘለለና ከታች ፈረመ። ወረቀቱን አጥፎ ኪሱ ከተተ። ሰኞ ጠዋት መጋዙን ይዞ ሲወጣ ሰንሰለቱን ጠረጴዛው ላይ ትቶት ሄደ።

የገዛው ወረቀት ሁለት ነበር። ሁለተኛው ላይ የጻፍኩት ለአዴ ሳዲያ ነው፤ ልጃቸው ታነብላቸዋለች። ደብዳቤው እዚያ ሲደርስ አባዬ ያመለከተበትን ሥራ ሊያጣ እንደሚችል አውቃለሁ፤ አባ ዱራ የዚያው ማኅበር አባል ናቸው፣ ወሬው ይደርሳቸዋል። ቃላት አላሳመርኩም። «አዴ፣ ያን ቀን ንጹሁ ሰንሰለት ትከሻዬ ላይ ነበር» ብዬ ጀመርኩ። ዛሬ ጠዋት መናኸሪያ ሄጄ ለሊሙ ሚኒባስ ረዳት ሰጠሁት። ደስ ይለኛል ብዬ ነበር። ስመለስ የመናኸሪያው በር ላይ አንዲት ሴት ከነሰፈፉ ማር ትሸጣለች፤ «ቅመሺ እስቲ» ብላ በጣቷ ዘረጋችልኝ። አልቀመስኩም።